እንግዳ ሆና ገብታ ባለቤት የምትሆነው ሴት

"ቦጃክ ሆርስማን" የተሰኘውን የኔትፍሊክስ አኒሜሽን ያያችሁ ሰዎች አንድ ተደጋጋሚ ቀልድ ሳታስታውሱ አትቀሩም። ማርጎ ማርቲንዴል የምትባል የእውነት ተዋናይት አለች፤ እዚያ ውስጥ በድምጿ ራሷን ትጫወታለች። ታዲያ በዚያ ዓለም ስሟን ብቻውን የሚጠራ የለም። ሁልጊዜ "ካራክተር አክትረስ ማርጎ ማርቲንዴል" ነው የምትባለው፤ ልክ "ሻለቃ" ወይም "ዶክተር" እንደሚባለው፣ እንደ ማዕረግ። ፈረሱ ቦጃክ ለአንድ ተንኮሉ እንድትተውንለት ይቀጥራታል። እሷ ግን ሥራን ቀለል አድርጎ መያዝ አታውቅበትም። የተሰጣትን ሚና እስከ ጥግ ትሄድበትና በመጨረሻ መሣሪያ የታጠቀች ወንጀለኛ ሆና ቁጭ ትላለች። ያኔም ቢሆን ማዕረጓ ከስሟ አይለይም።

ቀልዱ የሚያስቀው እውነት ስላለበት ነው። "ካራክተር አክትረስ" ማለት ፊቷን የምታውቁት፣ ስሟን የማታውቁት ተዋናይት ናት። "ያቺ ሴትዮ! እንትን ላይ የነበረችው!" የምትባለዋ። እኛ "ረዳት ተዋናይት" እንላለን። ረዳት ሲባል ደግሞ ቀድሞ ትዝ የሚለን የታክሲው ረዳት ነው። መሪ አይጨብጥም። ግን ማን የት እንደሚቀመጥ፣ ሂሳቡ ስንት እንደሆነ፣ መኪናው መቼ እንደሚነሳ የሚናገረው እሱ ነው። ሾፌሩን ማንም ዞር ብሎ አያየውም፤ ከረዳቱ ጋር ግን ሁሉም ሰው ጉዳይ አለው።

የእውነተኛዋ ማርጎ ማርቲንዴል መደርደሪያ ላይ ሦስት የኤሚ ሽልማቶች አሉ። (ዓመታቱን በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) አንዱ በ2011 "ጀስቲፋይድ" በተሰኘው ተከታታይ ድራማ በረዳት ተዋናይትነት ያገኘችው ነው። ሁለቱ ደግሞ በ2015 እና በ2016 "ዘ አሜሪካንስ" ላይ ባሳየችው ብቃት የተሰጧት ናቸው፤ የዘርፉ ስም "እንግዳ ተዋናይት" ይባላል። እንግዳ! በሌላ ሰው ታሪክ ውስጥ ለትንሽ ጊዜ መጥታ የምትሄድ ማለት ነው።

እኔ ይህን ቃል ቃል በቃል ልወስደው ነው። የማርጎ ትልቁ ችሎታ በሰው ታሪክ ውስጥ በእንግድነት ገብታ የቤቱ ባለቤት መሆኗ ነው። ምርጥ ትዕይንቶቿን ደርድራችሁ ብታዩዋቸው አብዛኞቹ ስለ ቤት፣ ስለ ማዕድ፣ ስለ መጠጥ ናቸው፦ ማን ማንን ጋበዘ? ማን የማን ወንበር ላይ ተቀመጠ? ማን ቀዳ፣ ማን ጠጣ? መሪ ተዋናዩ ከእሷ ጋር አንድ ክፍል ውስጥ ሲገባ ታሪኩ የእሱ መሆኑን ለጥቂት ደቂቃ እንረሳዋለን። በሰው ቤት ገብቶ "ጫማህን አውልቅ" የተባለ ይመስላል።

ነገሩ የጀመረው ገና ካሜራ ፊት ሳትቆም ነው። ማርጎ በ1951 ጃክሰንቪል በምትባል የቴክሳስ ትንሽ ከተማ ተወለደች፤ የተማረችውም ለረጅም ጊዜ የሠራችውም ቲያትር ነው። በ1987 ሮበርት ሃርሊንግ የጻፈው "ስቲል ማግኖሊያስ" ኒውዮርክ ውስጥ መድረክ ላይ ሲወጣ የመጀመሪያዋን ትሩቪን የተጫወተችው እሷ ናት። ትሩቪ ማን ናት? ቤቷ ውስጥ የሴቶች ጸጉር ቤት የከፈተች የሉዊዚያና ሴት። ቲያትሩ በሙሉ የሚካሄደው እዚያው ጸጉር ቤት ውስጥ ነው። ሠርግ፣ ሕመም፣ ሐዘን ሁሉ በእሷ በር ይገባል፣ በእሷ ወንበር ላይ ይቀመጣል። እሷ ጸጉር እየሠራች ትሰማለች፣ ትቀልዳለች፣ ታስተናግዳለች። የታሪኩ ትልቅ ሐዘን የሌላ ሴት ነው፤ ቤቱ ግን የትሩቪ ነው። ማርጎ ከዚያ በኋላ በሠራቻቸው ሥራዎች ሁሉ ይህን ስሜት ይዛው የሄደች ይመስለኛል።

ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1989፣ ቲያትሩ ፊልም ሆነ። ትሩቪን የተጫወተችው ዶሊ ፓርተን ናት።

ዶሊ ፓርተንን የሚጠላ የለም፤ እኔም አልጠላም። ነገሩ የስቱዲዮ ሂሳብ ነው፦ ፖስተር ላይ የሚጻፍ ስም ያስፈልጋል። ግን ይህችን ነገር ያዙልኝ፤ ወደ መጨረሻ አካባቢ እንመለስባታለን። መድረክ ላይ አንድን ሰው ከምንም ተነስታ የፈጠረች ተዋናይት ካሜራው ሲመጣ ቦታዋን ለታዋቂ ሰው ለቀቀች። ዕድሜዋ ወደ አርባ እየተጠጋ ነበር።

ዘጠናዎቹ ለእሷ የትናንሽ ሚናዎች ዘመን ናቸው። "ሎሬንዞስ ኦይል"፣ "ዘ ፈርም"፣ "ኖባዲስ ፉል"። በ1995 "ዴድ ማን ዎኪንግ" ላይ ሲስተር ኮሊን የምትባል መነኩሲት ሆና መጣች። የፊልሙ ባለታሪክ ሞት የተፈረደበትን እስረኛ የምትጎበኘው ሲስተር ሄለን ናት፤ እሷን የተጫወተችው ሱዛን ሳራንደን በዚህ ሚና ኦስካር ወስዳለች። ሲስተር ኮሊን ደግሞ አብራት የምትኖር ጓደኛዋ ናት። ሄለን እስር ቤት ደርሳ ስትመለስ የምታገኘው ሰው። ፊልሙን ድጋሚ ስታዩት አንድ ነገር ልብ በሉ፦ ሄለን ያየችውን ሁሉ ተሸክማ የምትገባበት ቤት ባይኖር፣ እዚያ ቤት ውስጥ ሰው ባይኖር፣ ጉዞዋ ምን ያህል እንደሚከብድ አናውቅም ነበር። የአንድ ሰው ድካም የሚለካው ቤቱ ሲደርስ ነው። ረዳት ተዋናይት የምትሠራው አንዱ ትልቅ ሥራ ይኸው ነው፤ መሪዋ የምታርፍበት ቦታ መሆን። በዚህ ሽልማት የሚያገኝ ግን እምብዛም የለም።

ሁሉም ቤት የሚያስጠጋ ቤት አይደለም። በ2004 የወጣው የክሊንት ኢስትዉድ "ሚሊዮን ዶላር ቤቢ" ላይ ማርጎ የቦክሰኛዋ የማጊ እናት ናት። ማጊ በጡጫ ባገኘችው ገንዘብ ለእናቷ ቤት ትገዛለች። ባዶ ክፍሎቹን እያሳየች ምስጋና ትጠብቃለች። እናትየዋ ግን ቤት እንዳላት ከታወቀ መንግሥት የሚሰጣት ድጎማ እንደሚቋረጥ፣ መድኃኒቷንም እንደምታጣ ታስባለች፤ ገንዘቡን በጥሬው ብትሰጪኝ ይሻል ነበር ትላለች። ከዚያ ልጇን የምታዋርድ ንግግር ትጨምርበታለች።

እዚህ ላይ ፊልሙን ልወቅሰው። የማጊ እናትና ዘመዶቿ የተጻፉት ተመልካች እንዲጠላቸው ብቻ ነው። ልጅቷ አልጋ ላይ ሽባ ሆና ተኝታ ሳለ መዝናኛ ቦታ ሲዞሩ ሰንብተው፣ የገዙትን ቲሸርት እንደለበሱ ጠበቃ ይዘው ይመጣሉ፤ ብዕር አፏ ውስጥ አድርገው ሊያስፈርሟት ይሞክራሉ። ድሃን እንዲህ አድርጎ መሣል ቀላል ነው፣ ርካሽም ነው። ማርጎ ግን ስክሪፕቱ ያልሰጣትን አንድ ነገር ሰርቃ አስገብታለች፦ ፍርሃት። ቤቱ ውስጥ ስትቆም ዓይኗ ግድግዳውን አይደለም የሚያየው፤ ሂሳብ ነው የሚሠራው። ዕድሜ ልኩን በወር መጨረሻ የሚመጣ ቼክ ሲጠብቅ የኖረ ሰው ስጦታ ሲሰጠው መጀመሪያ የሚታየው የሚያሳጣው ነገር ነው። ይህን ፊልሙ አልጻፈውም። ፊቷ ላይ ግን አለ። ክፉ ሰው እንድትሆን ተጠርታ ክፋቱ ከየት እንደመጣ ይዛ መጣች።

ከሁለት ዓመት በኋላ ደግሞ አሌክሳንደር ፔይን የሚባል ዳይሬክተር ለየት ያለ ነገር ሰጣት፤ ሰባት ደቂቃ የማይሞላ ግን ሙሉ በሙሉ የእሷ የሆነ ፊልም። "ፓሪስ፣ ዠ ቴም" በብዙ ዳይሬክተሮች የተሠሩ አጫጭር ታሪኮች ስብስብ ነው፤ የፔይን ሥራ የመጨረሻው ነው። ማርጎ ካሮል ናት፣ ከዴንቨር የመጣች ፖስታ አዳይ። ለብቻዋ ፓሪስን ልትጎበኝ መጥታለች። ታሪኩን ራሷ ትተርክልናለች፤ በፈረንሳይኛ፣ ግን በከባድ የአሜሪካ አነጋገር፣ ክፍል ውስጥ የቤት ሥራ እንደምታነብ ተማሪ። መቃብር ቦታ ስትጎበኝ ሲሞን ደ ቦቯርን "ሲሞን ቦሊቫር" ትላታለች።

መጀመሪያ ትስቃላችሁ። ፊልሙም እንድትስቁ ይፈልጋል። ካሮል በዚህ ከተማ እውነተኛ እንግዳ ናት፦ ቋንቋው አይገራላትም፣ የሚያጫውታት የለም፣ ለብቻዋ ትበላለች። ከዚያ መናፈሻ ገብታ አግዳሚ ወንበር ላይ ሳንድዊቿን ስትበላ አንድ ነገር ይሆናል። ምን እንደሆነ እሷም በደንብ አትገልጸውም፤ ደስታና ሐዘን አብረው የመጡበት ስሜት ነው። ካሜራው ፊቷ ላይ ይቆያል። ማርጎ ምንም "አትሠራም"። አታለቅስም፣ አትስቅም። ፊቷ ብቻ ቀስ እያለ ይከፈታል። በስህተት የተሞላው ፈረንሳይኛም በዚያች ቅጽበት የሚያስቅ መሆኑ ይቀራል፤ የራሷ ቋንቋ ይሆናል። ማንም ሳይጋብዛት ፓሪስ ቤቷ ሆነች። በሰባት ደቂቃ ውስጥ አንድን ሰው ከመሳቂያነት አውጥቶ እዚህ ማድረስ ብዙ መሪ ተዋናይ በሁለት ሰዓት የማይችለው ነው።

እንግዲህ ወደ ዋናው ሥራዋ እንምጣ። (ከዚህ በኋላ መጨረሻዎችን ሁሉ እነግራችኋለሁ፤ ያላያችሁ ተጠንቀቁ።)

"ጀስቲፋይድ" ኬንታኪ ግዛት፣ ሃርላን በሚባል የድንጋይ ከሰል አካባቢ የሚካሄድ ተከታታይ ነው። ባለታሪኩ ሬይለን ጊቨንስ የሚባል ኮፍያ የማይለየው የፌዴራል ፖሊስ ነው፤ ቲሞቲ ኦሊፋንት ነው የሚጫወተው። ሁለተኛው ምዕራፍ በ2011 ሲጀመር ማርጎ እንደ ማግስ ቤኔት መጣች። ማግስ ትንሽ ሱቅ አላት፣ ሦስት ወንዶች ልጆች አሏት፣ ማሪዋና ታስመርታለች፣ ቤት ውስጥ የምታወጣው አረቄም አላት። አረቄውን "አፕል ፓይ" ትለዋለች፤ በፖም የተሠራ፣ ሰው ሁሉ የሚያደንቀው።

በመጀመሪያው ክፍል ዎልት የሚባል ጎረቤቷ ችግር ይገጥመዋል። ትንሿን ልጁን ሎሬታን የሚያስቸግር ሰው ስለነበር ከአካባቢው ውጭ ላለ ሕግ ስልክ ደውሏል። ለማግስ ይህ ክህደት ነው፤ የእኛን ጉዳይ ለባዕድ ተናገርክ ነው ነገሩ። ቤቱ ትመጣለች። አረቄ ትቀዳለች። አብረው ይጠጣሉ፣ ያወራሉ። ከዚያ ዎልት ሰውነቱ አልታዘዝ ይለዋል። መርዝ ነው። ግን እኮ እሷም ከዚያው ዕቃ ቀድታ ጠጥታለች! መርዙ አረቄው ውስጥ አልነበረም፤ የእሱ ብርጭቆ ውስጥ ነበር።

በእኛ ወግ ጠጅ የሚቀዳ ሰው መጀመሪያ መዳፉ ላይ ጠብ አድርጎ ይቀምሳል። ለምን እንደሆነ ሁላችንም እናውቃለን። የማግስ ዘዴ የሚያስደነግጠን ለዚህ ነው፤ መቅመሱን ራሱን ነው መሣሪያ ያደረገችው። ቀማሿም ገዳይዋም እሷው ናት።

አሁን ግን ማርጎ ምን እንዳደረገች እዩ። ሌላ ተዋናይት ብትሆን እዚህ ላይ ጭንብሉን ታወልቅ ነበር፤ ድምጿ ይቀዘቅዛል፣ ዓይኗ ይጠባል፣ "አዎ፣ እኔ ነኝ" ትላለች። ማርጎ ግን ይበልጥ ትለሰልሳለች። የሚሞተውን ሰው እጅ ትይዛለች። በሽተኛ እንደምታስታምም ሴት ታባብለዋለች። ልጁን እንደምትንከባከብ ቃል ትገባለታለች። በጣም የሚያስፈራው ደግሞ ውሸቷን አለመሆኑ ነው። ሎሬታን ወስዳ ከልቧ ታሳድጋታለች። ደግነቷ ክፋቷን የሚሸፍን መጋረጃ አይደለም፤ ሁለቱም እውነት ናቸው፣ በአንድ እጅ ነው የሚቀዱት።

ይህ ነገር ምዕራፉን ሙሉ ይደጋገማል። ልጇ ኩቨር የሞተውን ዎልት ቼክ በመመንዘር ጥፋት ሲሠራ ማግስ ጣቶቹን በመዶሻ ትሰብራለች፤ ወዲያው ደግሞ አቅፋ ታባብለዋለች። አንድ የከሰል ኩባንያ ተራራውን ሊቆፍር ሲመጣ በሕዝብ ስብሰባ ላይ ተነስታ ኩባንያው መሬቱንና ውኃውን ምን እንደሚያደርገው ትናገራለች። ሰዉ በሙሉ ከእሷ ጋር ይሆናል። ንግግሯን ምን ብላ ብትጨርሰው ጥሩ ነው? ሁላችሁም እኔ ቤት ድግስ ኑ ብላ። ድግሱ ላይ ሙዚቃ አለ፣ ጭፈራ አለ፣ ማግስ ራሷ ትጨፍራለች። እዚያው ድግስ ላይ፣ እንግዶቿ እየበሉ ሳለ፣ ከኩባንያው ጋር በድብቅ ትዋዋላለች። ስብሰባው ላይ የተናገረችው ግን የማታምንበት ነበር ማለት አንችልም። ማርጎ ንግግሩን ከልቧ ነው የተናገረችው፤ ውሉንም ከልቧ። ለተመልካች የቀረለት ሁለቱን አስታርቆ መኖር ነው።

መጨረሻው ላይ ልጆቿ ከሞቱባትና ከተበተኑባት በኋላ ሬይለን ቤቷ ይመጣል። ማግስ እግሯን ተመትታለች። ሁለት ብርጭቆ አፕል ፓይ ትቀዳለች። ሬይለን ብርጭቆውን ያያል፣ እኛም እናያለን። ይጠጣሉ። መርዙ በዚህ ጊዜ የት እንዳለ የምናውቀው ዘግይተን ነው፤ የራሷ ብርጭቆ ውስጥ ነው። እጇን ትዘረጋለታለች፣ ይይዘዋል። በመጀመሪያው ክፍል የሰው እጅ ይዛ ያሰናበተችው ሴት አሁን የእሷ እጅ ተይዞላት ትሄዳለች። እስከ መጨረሻዋ ደቂቃ ድረስ አስተናጋጇ እሷ ናት፣ የራሷን ሞት እንኳ የቀዳችው ራሷ ናት። ሬይለን በገዛ ተከታታዩ ውስጥ እንግዳ ሆኖ ቀረ።

ኤሚውን ስትወስድ 60 ዓመቷ ነበር።

ከዚያ በኋላ የመጣው "ዘ አሜሪካንስ" ነው። ታሪኩ በሰማንያዎቹ ዋሽንግተን አካባቢ እንደ ተራ አሜሪካውያን የሚኖሩ የሶቪየት ሰላዮች ባልና ሚስት ታሪክ ነው፤ ፊሊፕና ኤልሳቤጥ። ማርጎ የእነሱ አለቃ ክላውዲያ ናት፣ ከሞስኮ የሚመጣውን ትዕዛዝ የምታቀብላቸው። "አያት" የሚል ቅጽል ስም አውጥተውላታል። ትወናው ከማግስ ጋር ፍጹም ተቃራኒ ነው። ማግስ ታቅፋለች፣ ትጨፍራለች፣ ታባብላለች። ክላውዲያ ግን ካፖርቷን ለብሳ ቀጥ ብላ ነው የምትቀመጠው፤ ሰው የማያስተውላት ጡረተኛ ትመስላለች። ሰላይ ማለት ደግሞ ያው እሱ ነው። ማርጎ በትዳር ዘመኑ ሁሉ ሰው ያላያትን ሴት መሣሪያ አደረገችው፦ ዕድሜዋ የገፋ፣ ወፍራም፣ ጸጥ ያለች ሴትዮ በመንገድ ስታልፍ ማን ዞር ብሎ ያያል?

የመጨረሻው ምዕራፍ ላይ ክላውዲያ የኤልሳቤጥን ልጅ ፔጅን ማሠልጠን ትጀምራለች። እንዴት? ወጥ በማብሰል። ሦስቱ ሴቶች በክላውዲያ አፓርታማ ተሰብስበው የሩሲያ ምግብ ይሠራሉ፣ የሶቪየት ፊልም ያያሉ፣ ይጠጣሉ። አሜሪካ ተወልዳ ያደገች ልጅ አይታው የማታውቀው አገር በማንኪያ ይሰጣታል። ትዕይንቱ ሞቅ ያለ ነው፤ የእናትና የልጅ፣ የአያት ጓዳ ነው። ምልመላ መሆኑን ግን አንረሳም። ከአገሩ ርቆ ልጅ ያሳደገ ሰው ይህን ጓዳ ያውቀዋል፤ ቋንቋውን ባታውቂው እንኳ ምግቡን ቅመሺ የሚባልበትን። ማርጎ ፍቅሩን አልቀነሰችውም፣ ተንኮሉንም አልደበቀችውም። እንደገና ሁለቱንም በአንድ እጅ ቀዳችው።

ይህን ሁሉ የሠራችው ግን በ"እንግዳ" ስም ነው። በ2015 የኤሚ ሽልማት ደንብ ሲሻሻል እንግዳ ተዋናይ የሚባለው ከምዕራፉ ክፍሎች ከግማሽ በታች የታየ ሰው እንዲሆን ተወሰነ። ሂሳቡ ትክክል ነው። ክላውዲያ በጥቂት ክፍሎች ነው የምትታየው፤ ከመጀመሪያው ምዕራፍ በኋላ ማርጎን ሌላ ሥራ ይዟት ነበር። ተከታታዩን ያየ ሰው ግን ክላውዲያ የሌለችበት ክፍል ላይም ትዕዛዟ እንዳለ ያውቃል።

ያ ሌላ ሥራ "ዘ ሚለርስ" የሚባል የሲቢኤስ ኮሜዲ ነበር። ባሏ ጥሏት ሲሄድ ልጇ ቤት ገብታ የማትወጣ እናት ናት። ይኸውላችሁ፣ እንግዳ ሆና ገብታ ባለቤት መሆን ቃል በቃል! ግን አልሠራም። ምክንያቱ ግልጽ ይመስለኛል፦ በማግስና በክላውዲያ ላይ ከሥር የሚሄደው ነገር እዚህ ፊት ለፊት ተነገረ። ቀልዱ "እናቴ ቤቴን ወረሰችው" የሚል ብቻ ሲሆን ለማርጎ የምትደብቀው ነገር አይቀርላትም። እሷ ደግሞ የምትደብቀው ነገር ሲኖራት ነው የምትበልጠው።

በ2013 "ኦገስት፦ ኦሴጅ ካውንቲ" ላይ ያንን አገኘች። ሜሪል ስትሪፕና ጁሊያ ሮበርትስ ባሉበት ቤት ማርጎ ለሐዘን የመጣች አክስት ናት፣ ማቲ ፌይ። መጀመሪያ ላይ ለፍላፊ ናት፤ የገዛ ልጇን በሰው ፊት ታሳንሰዋለች። ወደ መጨረሻው ግን ያ ልጅ የእህቷ ባል ልጅ መሆኑን ለጁሊያ ሮበርትስ ትነግራታለች። ለዓመታት በእንግድነት የምትመላለስበትን ቤት አንድ ጊዜ ሰርቃ የራሷ አድርጋው ነበር። ማርጎ ይህን ስትናገር እንባ አትፈልግም። ሂሳቧን ዘግታ እንደምትወጣ ሰው በአጭሩ ትናገረዋለች። ልጇን ለምን እንደዚያ ስትጠላው እንደነበር ያኔ ይገባናል፤ ሰውየውን ባየች ቁጥር የምታየው ራሷን ነው።

እዚህ ላይ አንድ ሰው "ቆይ፣ ይህቺ ሴት ዕድሜዋን ሙሉ እናት፣ አክስት፣ አያት ብቻ ነው የሆነችው፤ አንቺ ወይም አንተ 'የቤት ባለቤት' ብለህ ያደነቅከው ጓዳ ውስጥ መዘጋቷን አይደለም ወይ?" ሊለኝ ይችላል። ትክክለኛ ጥያቄ ነው። አዎ፣ ተዘግታለች። ሆሊውድ በዚህ ዕድሜና በዚህ ቁመና ላለች ሴት በአብዛኛው የሚከፍተው በር የጓዳ በር ነው። በሩ ሲከፈትላት ምን እንደምታደርግ በ2020 "ሚስስ አሜሪካ" ላይ አይተናል። እዚያ የኒውዮርኳን የኮንግረስ አባል ቤላ አብዙግን ሆና ያንን ታዋቂ ኮፍያ አድርጋ ስትገባ ማንም ወጥ እንድትሠራለት አይጠብቅም። ትሟገታለች፣ ትቆጥራለች፣ ትደራደራለች። የማግስ ብልጠት ነው፣ ያለ መርዝ።

ስለዚህ ታሪኳን "የታገሠ ከሚስቱ ይወልዳል" ብለን ጠቅልለን እንዳናልፈው እፈራለሁ። ኢንተርኔት ላይ እንዲህ ዓይነት ልጥፍ ሞልቷል፦ "በ60 ዓመቷ ተሳካላት፣ አንተም ተስፋ አትቁረጥ።" ጥሩ። ግን ያቺን የ1989 ነገር አስታውሱ። ማርጎ በ2011 ድንገት ጎበዝ አልሆነችም። በ1987ም ያው ናት፤ ትሩቪን የፈጠረችው እሷ ናት። የዘገየው ችሎታዋ አይደለም፣ የሌሎች ዓይን ነው። ያ መዘግየት ደግሞ ዋጋ አለው፦ በአርባና በሃምሳ ዓመቷ ልትሠራቸው የምትችላቸውን ትልልቅ ሚናዎች እኛ አላየናቸውም፣ መቼም አናያቸውም። ለእሷ ታሪክ ማጨብጨብ ካስፈለገ ያጣነውንም ቆጥረን ነው።

በዲሴምበር 2024 "ዘ ስቲኪ" የተባለው የፕራይም ቪዲዮ ተከታታይ ወጣ። ስድስት ክፍል ነው፣ መሪ ተዋናይቷ ማርጎ ማርቲንዴል፣ በ73 ዓመቷ። መነሻው እውነተኛ ወንጀል ነው፦ በ2011 እና በ2012 ካናዳ ኩቤክ ውስጥ ወደ 3,000 ቶን የሚጠጋ፣ ከ18 ሚሊዮን የካናዳ ዶላር በላይ የሚያወጣ የሜፕል ሽሮፕ ከመጋዘን ተሰርቋል። ተከታታዩ ግን ሰዎቹን በሙሉ ራሱ ነው የፈጠራቸው። ሩት ላንድሪ ሽሮፕ አምራች ናት፣ ባሏ ራሱን ስቶ ተኝቷል፣ የአምራቾቹ ማኅበር ሊያጠፋት ተነስቷል። እሷም ከአንድ የቦስተን ተራ ማፊያና ከአንድ የመጋዘን ጥበቃ ጋር ሆና ልትዘርፋቸው ትወስናለች።

ትልቅ ሥራ ነው ብዬ አልዋሻችሁም። ስክሪፕቱ አንዳንዴ ይሮጣል፤ መሪ ሚና ደግሞ ሴራውን ተሸክሞ መሮጥ ይፈልጋል፣ ማርጎ ደግሞ የምታምረው ሌሎቹ ወደ እሷ ሲመጡ ነው። ግን አንድ ነገር አስደስቶኛል። ከአዘጋጆቹ አንዷ ጄሚ ሊ ከርቲስ ናት፣ ስሟ ፖስተር የሚሞላ ሴት። በተከታታዩ ላይ እሷም ትመጣለች፤ ግን በትንሽ ሚና፣ በእንግድነት። ቤቱ የማርጎ ነው።

ከየት ልጀምር ካላችሁኝ በሰባቷ ደቂቃ ጀምሩ፤ የፓሪሷን ካሮል። ከወደዳችኋት የ"ጀስቲፋይድ"ን ሁለተኛ ምዕራፍ ቀጥሉ፣ የመጀመሪያውን ባታዩም ብዙ አይቸግራችሁም። ቀጥሎ የ"ዘ አሜሪካንስ" ስድስት ምዕራፍ አለላችሁ፤ እሱ ጊዜ ይፈልጋል፣ ግን ይከፍላል። ስታዩ ደግሞ አንድ ነገር ብቻ ሞክሩ። ማርጎ ያለችበት ትዕይንት ላይ የሚናገረውን ሰው ተዉትና ብርጭቆውን ማን እንደያዘው ተከታተሉ።